የመረብ ኳስ ሜዳው ችሎት

ሕግ ወጣብን።

የዚያ ዘመን የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ነገሩን የምናወራው እንዲህ ነበር፤ ሰው ላይ ቡግንጅ ወጣበት እንደሚባለው። ሕጉ አጭር ነው። አንድ ተማሪ ከመመረቁ በፊት አንድ ዓመት ጠቅላይ ግዛት ወርዶ ካላገለገለ ዲግሪ አያገኝም። ምክንያቱም ግልጽ ነበር። መንግሥት በነጻ ያስተምረናል፣ ያበላናል፣ ያስተኛናል፤ በየአውራጃው ደግሞ አስተማሪ የለም። ጥሩ ሐሳብ ነው ብለን ሁላችንም ተስማማን። ችግሩ፣ ጥሩ የሚሆነው ሌላው ሲሄድ ነው።

እኔ ያን ጊዜ ጽጌ የምባል የኬሚስትሪ ተማሪ ነበርኩ። አባቴ ልብስ ሰፊ ነው። አዲስ አበባ ተወልጄ፣ አዲስ አበባ አድጌ፣ ከከተማ የወጣሁት የደብረ ዘይትን ሐይቅ ለማየት ብቻ ነው። ሐሳቤ ሁሉ ተመርቄ ነጭ ጋውን ለብሼ አንድ ላቦራቶሪ ውስጥ መግባት ነበር። ምደባው ሲለጠፍ አንዷ ጓደኛዬ ሐረር ደረሳት፤ ሌላዋ አሥመራ። ሁለቱም ሲኒማ ያለበት አገር ሄዱ። በእኔ ስም ትይዩ «እንጅባራ» ይላል።

«የት ነው?» አልኩት አባቴን።

አባቴ የጭነት መኪና ይነዳ የነበረ ጎረቤታችንን ጠየቀ። ሰውዬው ትንሽ አሰበና፣ «ከቡሬ በላይ ነው። ብርድና ፈረስ ያለበት አገር ነው» አለ። እናቴ ይህን ሰምታ ሻንጣዬን በሹራብ ሞላችው። ለፈረሱ ምንም አላሰበችም።

አውቶቡሱ ጥሊሊን አልፎ እንጅባራ ሲያወርደኝ ጉም ነበር። ኮሶበርም የሚሏት ይህች ከተማ መንገዱን ተከትላ የተሰደረች ቆርቆሮና ሣር ቤት ናት፤ ከኋላዋ ቀርከሃ፣ ከቀርከሃው ኋላ ገብስ፣ ከዚያ ወዲያ ጉም። ትምህርት ቤቱ እስከ ስምንተኛ ክፍል ብቻ ነው። ዳይሬክተራችን አቶ ወንድምነህ ደግ ሰው ናቸው፤ «የበላይ አካል» የሚል ቃል በሰሙ ቁጥር ግን ሳያስቡት የኮታቸውን ቁልፍ ይቆልፋሉ። የተከራየሁት መንገድ ዳር አረቄ የሚሸጡ የዳንግላ ሴት፣ እትዬ ስመኝ ቤት ነው። ባላቸው ሞተው ብቻቸውን ነው የሚኖሩት። አገውኛም አማርኛም አፋቸው ላይ እኩል ይሮጥላቸዋል፤ አንዳንዴም ሁለቱ ይጋጩና የሚወጣውን እሳቸው ብቻ ይረዱታል።

ነገሩ የተጀመረው በመረብ ነው። ከዩኒቨርሲቲው አንድ ተቆጣጣሪ የአገልግሎት ተማሪዎችን ሊያይ ይመጣል ተባለ። አቶ ወንድምነህ ኮታቸውን ቆለፉ። ከአውራጃው ትምህርት ጽሕፈት ቤት የተላከ አንድ የመረብ ኳስ ከነመረቡ ዕቃ ቤት ተቀምጧል፤ ሜዳ ግን የለም።

«መረብ ተሰጥቷቸው ሜዳ አላበጁም ቢባል ምን እመልሳለሁ?» አሉ።

«ጋሼ፣ እኔ እለካዋለሁ። ልኩን አውቀዋለሁ» አልኳቸው።

ያን ጊዜ የማላውቃቸው ሁለት ነገሮች ነበሩ። አንደኛው፣ ከትምህርት ቤቱ አጥር ጥግ ያለው ሜዳ የዙሪያው ገበሬዎች የወል ግጦሽ መሆኑ። ሁለተኛው፣ በዚያው ዓመት የእርሻ ገቢ ግብር የሚባል አዲስ ሕግ ወጥቷል፣ መሬቱም ሊለካ ነው የሚል ወሬ አገሩን ሞልቶት መክረሙ። የጎጃም ገበሬ ግብሩን እያጉረመረመም ቢሆን ይከፍላል፤ መሬቱን መለካት ግን ርስቱን የመንጠቅ መጀመሪያ ነው ብሎ ያምናል። የመሬት መለኪያውን ገመድ ደግሞ ቃላድ ይሉታል። እኔ ይህን ቃል ሰምቼው አላውቅም። የአዲስ አበባ ልጅ መሬትን የሚያውቀው በጫማው ነው።

ማክሰኞ ጧት ነጭ ገመድ፣ የቀርከሃ ችካልና መዶሻ ይዤ ወጣሁ። አንዱን ጥግ ቸክዬ ገመዱን እየዘረጋሁ ሳለ በርኖስ የደረበ ፈረሰኛ ጎልማሳ መጥቶ ቆመ። ፈንታ እንደሚባል ኋላ ነው ያወቅኩት። ገመዱን አየ፤ እኔን አየ፤ እንደገና ገመዱን አየ።

«ቃላድ?» አለኝ።

የአገሬው ሰላምታ መሰለኝ፤ ወይም «በርቺ» እንደማለት። ፈገግ ብዬ፣ ጮክ አድርጌ፣ «አዎ! ቃላድ!» አልኩት።

ሰውዬው ፈረሱን አዙሮ ጋለበ። ምን ዓይነት ሥራ ወዳድ ሰው ነው፣ ቸኩሎ ሄደ ብዬ ሁለተኛውን ችካል ቸከልኩ።

ጥቂት ቆይቶ ከኮረብታው ላይ ጥሩምባ ተነፋ። ከወዲያኛው ኮረብታ ሌላ መለሰለት። ከዚያ አንድ ድምፅ መጣ፤ መጀመሪያ ነጎድጓድ ነው ያልኩት። ቀና ስል ፈረስ። በየቀርከሃው መሐል፣ በየገብሱ ዳር፣ በመንገዱ ላይ ፈረስ ብቻ። ያገሩ ፈረሰኛ በጥምቀት ሲጋልብ ያያችሁ ታውቁታላችሁ፤ ማየት ደስ ይላል። ጥምቀት ካልሆነና የሚጋለበው ወደ እናንተ ከሆነ ግን ሌላ ነገር ነው። ዙሪያዬን ከበው ቆሙ። ምንሽር ያነገቱም አሉ። ተማሪዎቹ በመስኮት ተንጠላጥለዋል። አቶ ወንድምነህ በሩ ላይ ታዩ፤ ኮታቸው እስከ አንገታቸው ተቆልፏል።

እትዬ ስመኝ ነጠላቸው መሬት እየጠረገ ሮጠው ደረሱ።

«ምነው ሸዋ! ልጀ፣ ምን አባሽ ለካሽ?»

«ሜዳ ነው እትዬ! መረብ ኳስ መጫወቻ!»

እሳቸው ወደ ፈረሰኞቹ ዞረው በአገውኛ ተናገሩ። ከፊት የቆመው ፈንታ መለሰ። ሌሎቹ በምሬት ሳቁ።

«ምን አለ?»

«መንግሥት ይህን ያህል ያስተማራትን ሴት ልጅ ኳስ ላጫውት ብሎ ከአዲስ አበባ እዚህ ድረስ አይልክም፤ ውሸት እንኳ ስትዋሽ አሳምራ ትዋሽ ነው የሚል» አሉኝ።

ቆም ብዬ ሳስበው ሰውዬው እውነቱን ነው። እውነተኛው መልሴ ከሁሉም የማይታመነው ነበር።

መሐላቸው ረጅም፣ ቀጭን፣ ጋቢ የተከናነቡ ሽማግሌ በቅሎ ላይ ተቀምጠዋል። አያ ተሻገር ይባላሉ። አገሩ ሲጣላ የሚታረቀው እሳቸው ፊት ነው። በአገውኛ ረጋ ብለው ጥቂት ቃል ተናገሩ። እትዬ ስመኝ ተረጎሙልኝ፦ እንግዳ ነሽና ማንም እጁን አይዘረጋብሽም፤ ገመድሽ ግን ከነአንችው ሸንጎ ይቀርባል።

«እምቢ ካልኩስ?» አልኩ በሹክሹክታ።

«እምቢ በይ ብሎ የጠየቀሽ አለ?» አሉኝ እትዬ ስመኝ።

ፈረስ ላይ አወጡኝ። በሕይወቴ አህያ ላይ እንኳ ወጥቼ አላውቅም። ፈንታ ልጓሙን ይዞ ይመራል፤ እኔ የፈረሱን ጋማ በሁለት እጄ ጨብጬ የማውቀውን ቅዱስ ሁሉ በስሙ እጠራለሁ። እትዬ ስመኝ ሌላ ፈረስ ላይ ጎን ለጎን ተፈናጠው፣ «ጀርባሽን ቀጥ አድርጊ፤ ፈረሱ አፈረብሽ» ይሉኛል። አቶ ወንድምነህ ወደ ዳንግላ በሚያልፍ መኪና ላይ ሲሳፈሩ ዞሬ አየሁ። ፖሊስ ሊጠሩ ነው። ደስ አለኝ፤ ወዲያው ደግሞ ፈራሁ። ምንሽር ያነገቱትን ሰዎች አስታወስኩና።

ዘንገና ሐይቅ በሚታይበት ተዳፋት ላይ አንድ ግዙፍ ኮሶ ዛፍ አለ። ከሥሩ ሰው ተሰብስቧል። ገመዴን ጠቅልለው መሐል ላይ አስቀመጡት፤ ማንም አይነካውም፣ ማንም አይቀርበውም። እኔን ከአጠገቡ በርጩማ ላይ አስቀመጡኝ። አንዲት ወጣት ሴት ከልጇ ጋር መጥታ የተቀቀለ ድንችና እርጎ ሰጠችኝ። እስረኛ ነኝ እንጂ እንዲህ ያለ እርጎ ጠጥቼ አላውቅም።

አያ ተሻገር ጀመሩ። እትዬ ስመኝ ይተረጉማሉ።

«ማን ላከሽ?»

«ሕግ።»

«ሕግ እግር የለውም። ማን ላከሽ?»

«ዩኒቨርሲቲው።»

«እሱ ደግሞ የማን ልጅ ነው?»

«ሰው አይደለም፤ ትልቅ ትምህርት ቤት ነው።»

ሸንጎው ተጉረመረመ። «ትምህርት ቤት ሕግ ያወጣል?»

እዚህ ላይ የፈተና ጥያቄ የመጣልኝ መሰለኝ። ዩኒቨርሲቲው በንጉሠ ነገሥቱ ቻርተር እንደተቋቋመ፣ ቻርተሩ ራሱን በራሱ እንዲያስተዳድር ሥልጣን እንደሰጠው፣ የመምህራን ጉባኤ እንዳለው፣ ጉባኤው የአገልግሎቱን ሕግ እንዳወጣ፣ በጀቱን ግን ከመንግሥት እንደሚያገኝ፣ ስለዚህም ነጻነቱና ኪሱ ሁልጊዜ እንደማይስማሙ ሁሉ አብራራሁ። ላብ አጠመቀኝ። ስጨርስ እትዬ ስመኝ ጉሮሯቸውን ጠርገው አንድ ትንፋሽ የማይሞላ ነገር ተናገሩ። ሸንጎው በሙሉ ሳቀ።

«ምን አሏቸው?»

«ሳትከፍል እየበላች ኖራ ልታወራርድ መጣች አልኳቸው።»

ያን ጊዜ አያ ተሻገር ዞር ብለው፣ በጠራ አማርኛ፣ «እሷ እንዲህ አላለችም» አሉ። ደነገጥኩ። ሽማግሌው ለካ በርስት ክርክር ደብረ ማርቆስና አዲስ አበባ ችሎት ደጅ ሲጠኑ ጎልማሳነታቸውን የጨረሱ፣ አማርኛውን ከነጠበቃ ወጉ የሚያውቁ ሰው ናቸው። በአስተርጓሚ የሚያናግሩኝ ለሸንጎው ክብር ነው።

«ግን ያንችው ይሻላል፣ ስመኝ» ብለው ቀጠሉ። ከዚህ በኋላ እኔን በቀጥታ በአማርኛ ይጠይቁኛል፤ እትዬ ስመኝ ለሌላው ይተረጉማሉ።

«እንጀራውን የሚያበላችሁ ማነው?»

«መንግሥት።»

«መንግሥት ያርሳል?»

ሰው ሳቀ። «አያርስም» አልኩ።

«ይዘራል?»

«አይዘራም።»

«ታዲያ ከየት አመጣው?»

«ከግብር» አልኩ፤ ድምፄ አነሰብኝ። «ከመሬት ግብር፣ ከቀረጥ… የትምህርት ግብር የሚባልም አለ።»

«አለ እንጅ!» አሉ አያ ተሻገር። ሁሉም ራሱን ነቀነቀ፤ ይህኛውን ቃል ለማንም መተርጎም አላስፈለገም። «በየዓመቱ እንከፍለዋለን። የት እንደሚገባ ግን እስከ ዛሬ ማንም ነግሮን አያውቅም።» ከዚያ ፈረስ ተራ እንዳለ ገዥ ከእግር እስከ ራሴ ተመለከቱኝ። «እንግዲህ የገባበትን ዛሬ በዓይናችን አየነው።»

ሰው ሁሉ አየኝ። ያን ጊዜ ቀጭን ሸንበቆ ነበርኩ። እርጎ የሰጠችኝ ሴት ከኋላ አንድ ነገር ተናገረችና ሸንጎው በሳቅ ፈረሰ፤ ፈንታ እንኳ ጥርሱን አሳየ።

«ምን አለች?»

እትዬ ስመኝ ዓይናቸውን እየጠረጉ፣ «ይህን ሁሉ ዘመን ከፍለን ያወጣነው ይህችን ብቻ ነው? ትላለች» አሉኝ።

እኔም ሳቅኩ። የትኛው ግብር ለየትኛው ትምህርት ቤት እንደሚመደብ ሕጉ ምን እንደሚል በዝርዝር አላውቅም ነበር። ለተማረ ሁሉ የከፈለው ያረሰ መሆኑ ግን ክርክር የሚያስነሣ አልነበረም።

ሳቁ ሲበርድ አያ ተሻገር ሌላ ጥያቄ ጠየቁኝ። ድምፃቸው እንደ መጀመሪያው ነው፤ ቁጣ የለውም።

«ከኛ ልጆች እዚያ ማዕድ ላይ ስንቱን አየሽ?»

የምግብ አዳራሻችንን በሐሳቤ ዞርኩት። ከወለጋ የመጡ አሉ። ከትግሬ፣ ከሐረር፣ ከጎንደር። ከደብረ ማርቆስም አውቃለሁ። ከአገውምድር ግን፣ ከዚህ ብርድ፣ ከዚህ ቋንቋ የመጣ አንድ ፊት ፈልጌ አጣሁ። ምናልባት ነበረ፤ እኔ አላወቅኩት ይሆናል። ግን አላየሁም።

«አላየሁም» አልኩ።

እትዬ ስመኝ ይህን አልተረጎሙም። ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። ማንም ተርጉሚ አላላቸውም። ፈረሶቹ ሣር ሲነጩ ይሰማ ነበር።

ያን ዕለት ችሎቱ በዚሁ ተነሣ። አያ ተሻገር ቤት እኔና እትዬ ስመኝ እሳት ዳር አደርን፤ እትዬ አንኮራፉ፣ እኔ አላንኮራፋሁም።

በማግስቱ ጧት ፍርድ ሊሰጥ ሸንጎው ተቀመጠ። ፈንታ ተነሥቶ፣ ልጅቱ መሬት ለኪ አለመሆኗን ተቀብያለሁ፣ ግን የበላችው የኛን ነውና የበላችበትን ዓመታት ሁሉ ያህል እዚሁ ታስተምር አለ። ይህ ሲተረጎምልኝ በርጩማው ከሥሬ የሄደ መሰለኝ። ከዚያ ድርድር ሆነ። አንዱ ሽማግሌ ተነሥቶ «ለማርያም ብላችሁ» ሲል አንድ ዓመት ይነሣልኛል። ሌላው «ለጊዮርጊስ ብላችሁ» ሲል ሌላ። ከዚያ አንድ ደረቅ ሰው ተነሥቶ የማርያሙን ይመልሰዋል። ዕድሜዬ ፊቴ ላይ እንደ ፈረስ ሲሸጥ ቁጭ ብዬ አየሁት።

መታገሥ አቃተኝ። ተነሣሁ። «ሕጉ እኮ አንድ ዓመት ነው የሚለው!» ብዬ ጮኽኩ።

«ሕጉ ሲወጣ እኛ ነበርን?» አሉ አያ ተሻገር።

«እኔስ መቼ ነበርኩ!»

የሽማግሌው ትከሻ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ሳቁ። ከመጣሁ ጀምሮ ሲስቁ ሳይ የመጀመሪያዬ ነው።

«እንግዲህ ሁለታችንም ላይ ነው የወጣው» አሉ።

ይህን ብለው ሳይጨርሱ የመኪና ድምፅ መጣ። አንድ ላንድሮቨር ከታች እየዘለለ ወጣ፤ ከውስጡ ጠመንጃ የያዙ ፖሊሶች፣ አንድ ሪዛም መቶ አለቃና አቶ ወንድምነህ ወረዱ። ፈረሰኞቹ ሁሉ በአንድ ጊዜ ኮርቻ ላይ ሆኑ። እንዴት እንደወጡ አላየሁም። ምንሽር ሲቀባበል ሰማሁ። ጨዋታው አለቀ።

መቶ አለቃው እጁን ሽጉጡ ላይ አድርጎ ወደ እኔ ተጠጋ። «መምህርት፣ በግድ ነው ያመጡሽ?»

ሁሉም አፌን ያያል። እውነቱን ከተናገርን በግድ ነው ያመጡኝ። «አዎ» ማለት ሐሰት አልነበረም። ግን አንዱ ፖሊስ ከእኔ የሚያንስ ልጅ ነው፤ ጣቱን ቃታው ላይ አድርጓል። እርጎ የሰጠችኝ ሴት ልጇን አቅፋ ከአያ ተሻገር ኋላ ቆማለች። ፈንታ ልጓሙን ጠምጥሞ ይዟል። አንዲት ቃል ነበረች ከአፌ የምትጠበቀው።

«ስብሰባ ላይ ነን» አልኩ።

መቶ አለቃው ዓይኑን አጠበበ። «የምን ስብሰባ?»

ከዚህ በላይ አላሰብኩም ነበር። እትዬ ስመኝ ነጠላቸውን አስተካክለው ብቅ አሉ።

«ስለ ዩኒቨርሲቲው በጀት ነው፣ ጌታዬ።»

መቶ አለቃው ኮሶውን አየ። ፈረሶቹን አየ። ሸንጎው መሐል የተቀመጠውን ገመድ አየ። «በጀት?»

አያ ተሻገር ከመቀመጫቸው ሳይነሡ፣ በዚያ በችሎት አማርኛቸው፣ «ገና አልጸደቀም» አሉት።

የመቶ አለቃው ሪዝ ተንቀሳቀሰ። ሊስቅ ነው ወይስ ሊቆጣ፣ እሱም ያወቀ አይመስለኝም። አቶ ወንድምነህ ከኋላው፣ «የበላይ አካል ያውቀዋል?» አሉ በፍርሃት።

«ጋሼ፣ የምንነጋገረው ከበላዮቹ ጋር ነው» አልኳቸው። ይህን ያልኩት ለቀልድ ነበር። ከአፌ ከወጣ በኋላ ግን ቀልድ መሆኑን ተጠራጠርኩ።

መቶ አለቃው ቆቡን አወለቀ። ድንችና እርጎ መጣለት። ፈረሰኞቹ አንድ በአንድ ወረዱ። ያ ልጅ ፖሊስ ጠመንጃውን ኮሶው ላይ አስደግፎ ሁለት ጊዜ አስጨምሮ ጠጣ።

ፍርዱም ተሰጠ። የኳስ ሜዳው ይሠራ፤ ሆኖም ገመድ ያገሩን መሬት አይንካ፤ በእግር ይለካ። እኔ ሕጉ እንደሚለው አንድ ዓመት ልቀመጥ፤ ነገር ግን የስምንተኛ ክፍል ልጆችን ከትምህርት ሰዓት በኋላም ላስተምር፤ የሚኒስትሪን ፈተና አልፈው ሁለተኛ ደረጃ እንዲገቡ፣ ከዚያም ወደዚያ ማዕድ እንዲደርሱ። ገመዱም ለአያ ተሻገር ጥጃ ማሰሪያ ተወረሰ።

ሜዳውን የለኩት ራሳቸው አያ ተሻገር ናቸው። በአንድ በኩል እየተራመዱ ሳለ የሚያውቁት ሰው ሰላም አላቸውና መቁጠራቸውን ረሱ፤ ስለዚህ አንዱ ወገን ከሌላው ይሰፋል። የዩኒቨርሲቲው ተቆጣጣሪ ሲመጣ ሜዳውን ዞሮ አይቶ «ከደረጃ በታች ነው» አለ። እየተጫወቱ ያሉት ግን በርኖሳቸውን አጥር ላይ የሰቀሉ ገበሬዎችና አስተማሪዎች ነበሩ፤ ፈንታ ዘሎ ሲመታ ኳሱን የሚመልስ አልተገኘም። ተቆጣጣሪው ለምን ደረጃውን እንዳልጠበቀ ጠየቀኝ። የበጀት ክርክር ስለነበረበት ነው አልኩት።

ከሰዓት በኋላ የማስተምራቸው ልጆች የሒሳብ ጥያቄውን በአማርኛ እጠይቃቸዋለሁ፤ እርስ በርስ በአገውኛ ተከራክረው መልሱን በአማርኛ ይሰጡኛል። መሐል ላይ የሚሉትን ለማወቅ ስል ቋንቋውን መሞከር ጀመርኩ። እትዬ ስመኝ ስናገር ሲሰሙ፣ «እባክሽ ልጀ፣ አረቄ ጠጭዎቼን አታባርሪብኝ» ይሉኝ ነበር። ፈተናው ሲደርስ ካሰብነው በላይ ብዙ ልጆች አለፉ። ወደ ደብረ ማርቆስ ሲሳፈሩ ለመሸኘት ፈረሰኞቹ መጡ። ያን ጊዜ የፈረሱ ድምፅ አላስፈራኝም።

እንግዲህ አንባቢዎቼ፣ ከዚያ ገመድ በኋላ ላቦራቶሪ አልገባሁም። ዕድሜዬን በትምህርት ሥራ ጨረስኩ፤ ኋላ ላይ ስለ ኮሌጆችና ስለ በጀታቸው ረቂቅ ሕግ የሚነበብበት ጠረጴዛ ዙሪያ የመቀመጥ ዕድል ገጠመኝ። ረቂቁ ሲነበብ፣ «ይህ አንቀጽ በአገውኛ እንዴት ይባላል?» ብዬ እጠይቃለሁ። «ጽጌ ደግሞ ጀመራት» ይላሉ። አንዳንዴ ግን ለማስረዳት ይሞክሩና፣ አንቀጹን የጻፈው ሰው ራሱ ምን ለማለት እንደፈለገ እንደማያውቅ ይገባዋል። ያኔ ይሠርዙታል። የአገውምድር ልጆችም እዚያ ማዕድ ላይ ተቀምጠው አይቻለሁ፤ እንዲያውም ስለ ምግቡ ሲያማርሩ ሰምቼ ደስ ብሎኛል። ባለቤት ነው የሚያማርረው።

እናንተም «በነጻ ነው የተማርኩት» የምትሉ ከሆነ፣ ይህችን «በነጻ» የምትል ቃል አንድ ጊዜ ገልበጥ አድርጋችሁ እዩልኝ። ከሥሯ ሰው አለ።

ያ የአገልግሎት ዓመቴ ሲያልቅ አዲስ አበባ ተመለስኩ። በቀጥታ የአገልግሎቱን ጉዳይ ወደሚመራው ቢሮ ሄጄ አንድ ዓመት እንዲጨመርልኝ ጠየቅኩ። የስምንተኛ ክፍሎቹን ታናናሾች ማስተማር ጀምሬ ነበርና። መነጽራቸውን አፍንጫቸው ጫፍ ላይ ያደረጉት ኃላፊ ቀና ብለው አዩኝ።

«ምን አጥፍተሽ ነው?» አሉ።

«ምንም አላጠፋሁም። መመለስ ፈልጌ ነው።»

ደንቡን አወጡ። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ገለጡት፤ ከመጨረሻው ወደ መጀመሪያው ደግሞ መለሱት። ረጅም ጊዜ ፈጀባቸው። ከዚያ መነጽራቸውን አውልቀው፣ ያዘኑልኝ ይመስል፣ «ልጄ» አሉኝ፣ «ይህ ሕግ አልሄድም ላለ ተማሪ አንቀጽ ሞልቶታል። እንደገና ልሂድ ላለ ግን አንድም የለውም።»

«ታዲያ ምን ይሻላል?»

በሩን አዩ፤ ማንም አልነበረም። «ዝም ብለሽ ሂጂ» አሉኝ። «እኔ አላየሁሽም።»

በማግስቱ ጧት ተሳፈርኩ።